በሳሎናችን የዘመረው ሻምበል

ባለፈው ወር ቴሌግራፍ ጎዳና ላይ ካለ የልባሽ ልብስ መሸጫ ገብቼ ካፖርት ስለካ ከኪሱ ውስጥ የናፍታሌን ሽታ ወጣ። ልባሽ ልብስ ናፍታሌን ናፍታሌን ማለቱ ምንም አይገርምም። እኔ ግን ካፖርቱን እንደለበስኩ መስታወቱ ፊት ቆሜ ቀረሁ። ዓይኔ ላይ የመጣብኝ ነጭ ጓንት ያጠለቀ፣ ወገቡ ላይ ጎራዴ የታጠቀ፣ ፀጉሩን በቅባት ለጥ አድርጎ ያበጠረ መኮንን ነው። ሻጯ ልጅ ደህና መሆኔን ስትጠይቀኝ የማውቀው ሰው ትዝ ብሎኝ ነው አልኳት። አልዋሸሁም። ያን ሰው በስም ባላውቀውም አንድ ሰመር ሙሉ ከቤታችን ሳሎን አልወጣም።

ሦስተኛ ክፍልን የጨረስኩበት ሰመር ነበር። ያኔ የምንኖረው እዚሁ አሜሪካ፣ ቴሌግራፍ ጎዳና በሚያልፍበት ቴሜስካል ሰፈር፣ ከጥፍር ቤት በላይ ባለች ባለ ሁለት መኝታ አፓርትመንት ውስጥ ነው። ከታች የጥፍር ቀለም ይሸታል፣ ከላይ የእኛ ወጥ። አባዬ አቅራቢያችን ባለችው ኒውአርክ ከተማ መጋዘን ውስጥ ሌሊት ስለሚሠራ ቀን ይተኛል። በዚህ የተነሳ በቤታችን ቀን ቀን በሹክሹክታ ነበር የሚኖረው። እማዬ ደግሞ አላሜዳ ባለ የአረጋውያን መኖሪያ ውስጥ ረዳት ነርስ ነበረች። ጎህ ሳይቀድ ወጥታ ከምሳ በኋላ ትመለሳለች።

ወደ አላሜዳ የሚሄደው አውቶቡስ ከውሃ ሥር በተሠራ መንገድ ነው የሚያልፈው። ይህን የነገረችኝ ራሷ እማዬ ናት፤ ነገሩ ግን እንዴት እንደሆነ አላብራራችልኝም። ስለዚህ እናቴ በየማለዳው ባሕር ውስጥ ገብታ በየቀኑ ከባሕር የምትወጣ ሴት ነበረች። ስትመለስ በር ላይ ጎንበስ ብዬ ጫማዋን እዳስስ ነበር። ደረቅ ሆኖ ሳገኘው መደነቄ ይበልጥ ይጨምራል እንጂ ጥርጣሬ የሚባል ነገር አልገባኝም።

ቤት የምንውለው እኔና አባባ ነን። አባባ የእማዬ አባት ናቸው። አዲስ አበባ ሳሉ ቴሌ ውስጥ ኦፕሬተር ነበሩ፤ ሰውን ከሰው በስልክ የሚያገናኙ። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ደግሞ የመዘምራን መሪ ነበሩ። እንዲህ ዕድሜ ልካቸውን በድምፅ የኖሩ ሰው፣ እኛ ጋ በመጡ በዓመቱ ስትሮክ መታቸው። ቀኝ ጎናቸው ሰነፈ፣ ንግግራቸውም ሄደ። ከዚያ ሁሉ ቃል የቀረቻቸው "ይሁን" የምትል አንዲት ቃል ብቻ ናት። ሲርባቸው ይሁን። ሲናደዱ ይሁን። ጥርሳቸውን ሲያማቸውም ይሁን።

ሐኪሙ ለእማዬ አስረድቷታል። የሚነገራቸውን ሁሉ ይሰማሉ፣ የሚሉትም ነገር አልጠፋባቸውም፣ የተዘጋው መውጫው ነው ብሏታል። ለእኔ ግን ማንም አላስረዳኝም። እኔ አባባ ከሆስፒታል ሲመለሱ እጅግ ደግ ሰው ሆነው የመጡ ነው የመሰለኝ። "አባባ፣ አይስክሬም ልብላ?" ስላቸው "ይሁን"። "ልድገም?" ስላቸውም "ይሁን"። አንድ ቀን ፀጉሬን በራሴ መቀስ ልቁረጠው ወይ ብዬ ጠየቅኳቸው። ዓይናቸውን አፍጥጠው፣ በደህናው እጃቸው የወንበሩን ክንድ እየደበደቡ "ይሁን፣ ይሁን፣ ይሁን" አሉ። እንዲህ የሚያስደስታቸው መሆኑን ባውቅ ቀደም ብዬ እጠይቃቸው ነበር ብዬ እያሰብኩ፣ ከግንባሬ ላይ ቆረጥ ቆረጥ አደረግኩት።

እማዬ ከሥራ ገብታ ስታየኝ መጀመሪያ ሳቀች። ቀጥላ ወለሉ ላይ ቁጭ ብላ ማልቀስ ጀመረች።

"ማሚ፣ ኢት ዊል ግሮው ባክ" አልኳት፤ ተመልሶ ያድጋል ለማለት። አማርኛ እሰማለሁ፣ መልሴ ግን አብዛኛውን ጊዜ በእንግሊዝኛ ነበር።

"ለፀጉርሽ አይደለም የኔ ልጅ" አለች። "አባባ አትቁረጪ ሲሉሽ ነበር እኮ። እየጮኹ አትቁረጪ ሲሉሽ ነበር።"

ወደ አባባ ዞር ብዬ አየሁ። አንገታቸውን ደፍተዋል። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን የደነገጥኩ አይመስለኝም። ይህ ሁሉ ይሁን፣ ይሁን ያልነበረበት ጊዜ አለ ማለት ነው።

"ስፒች ቴራፒስቷ ኢምፕሩቭ እያደረጉ ነው ስትለኝ ኢንሹራንሱ ከዚህ በላይ ኮቨር አያደርግም አሉ" አለች እማዬ፣ ለእኔ ይሁን ለራሷ ሳይታወቅ፤ ንግግር ለምታለማምዳቸው ሴት ኢንሹራንሱ መክፈል ማቆሙ ነበር። "እኔ ሌላ ምንም አልጠይቅም። አንድ ጊዜ ስሜን ቢጠሩኝ ይበቃኛል። አንድ ጊዜ ሙሉነሽ ቢሉኝ።"

እናቴ ለራሷ አንድ ነገር ስትፈልግ የሰማሁት ያኔ ነው። እስከዚያ ድረስ እናቶች የሚፈልጉት ነገር ያላቸው አይመስለኝም ነበር።

የፊልሞቹ ካርቶን የመጣው በዚያ ሰሞን ነው። እማዬ ከምትንከባከባቸው አረጋውያን አንዷ፣ ሚስ ዶሊ የምትባል ሴት ዐረፈች። ልጆቿ ክፍሏን ሲያጸዱ የምትወጂውን ውሰጂ ቢሏት፣ እማዬ አንድ ካርቶን የድሮ ፊልም ተሸክማ መጣች። ካርቶኑ ከሚስ ዶሊ ካፖርቶች ሥር የኖረ ስለሆነ ናፍታሌን ናፍታሌን ይላል። ገና ሲከፈት ሳሎኑን ሽታው ሞላው። እስከ ዛሬ የድሮ ሆሊውድ ለእኔ ሽታው ናፍታሌን ነው።

በቤታችን ፊልም እንዲህ በቀላሉ አይገባም። እኛ አማኞች ነን፤ በየእሁዱ እስከ ሳን ሆዜ ነድተን አሜሪካኖቹ ከሰዓት በኋላ በሚያከራዩን ቤተ ክርስቲያን በአማርኛ የምናመልክ። ዓለማዊ ዘፈን ቤታችን አይሰማም። እማዬ ግን ካርቶኑን አገላብጣ አየችውና ፈረደች።

"ብላክ ኤንድ ዋይት ነው። ጥይት የለበትም፣ ሴቶቹም እስከ አንገታቸው ለብሰዋል። ይሄ ምንም አይልም።"

የመጀመሪያውን ፊልም ያየንበት ከሰዓት በኋላ ቁልጭ ብሎ ይታየኛል። አባዬ ስለተኛ ድምፁን እስከሚቻለው ዝቅ አድርገን፣ የአባባን ወንበር ቴሌቪዥኑ ሥር ድረስ ገፍቼ፣ እኔ እግራቸው ሥር ተቀመጥኩ። እማዬ ወጥ ቤት ዕቃ ታጥባለች። ቤተ መንግሥት ነው። ደረጃው አያልቅም፣ ሻማው አይቆጠርም። አንድ መኮንን ነጭ ጓንቱን እያወለቀ ከአንዲት ልዕልት ጋር ያወራል። ስለ አየሩ ነው ስለ ፈረስ፣ ዝም ብሎ ወሬ ነው። ድንገት ወሬው አለቀበት። አፉ ተከፍቶ ቀረ። ልክ እንደ አባባ። እኔም አባባን ቀና ብዬ አየኋቸው።

ከዚያ ከየት መጣ ሳይባል ቫዮሊን ተነሳ። መኮንኑ ደረቱን ነፋ አድርጎ፣ እጁን ልቡ ላይ አኑሮ፣ ወሬውን ካቆመበት በዜማ ቀጠለው።

ዓይኔን ማመን አቃተኝ። ተነስቼ ቴሌቪዥኑ ኋላ ሄጄ አየሁ። ሙዚቀኞቹ የት እንደተደበቁ ማወቅ ነበረብኝ። አቧራና ገመድ እንጂ ሰው የለም። ተመልሼ ስመጣ መኮንኑ ገና እየዘመረ ነው። ልዕልቲቱም ምን ሆነሃል ብላ እንደመጠየቅ እሷም በዜማ ትመልስለታለች። በደረጃው የሚያልፉት አሽከሮች እንኳ ትሪያቸውን እንደያዙ ገቡበት። ማንም አልተገረመም። ከሁሉ የደነቀኝ ይሄ ነው፤ ማንም አለመገረሙ።

ስሙን አንብቤ መያዝ ስላልቻልኩ ሻምበል አልኩት። በካርቶኑ ውስጥ ባሉት ፊልሞች ሁሉ ማለት ይቻላል እሱ አለ። አንዱ ላይ ልዑል ነው፣ ሌላው ላይ የጠረፍ ዘበኛ፣ ሌላው ላይ ስሙን የደበቀ ባለሀብት። ማዕረጉ ይለዋወጣል እንጂ ትከሻው አይለወጥም። ኮፍያውን ሲያነሳ አየሩ ራሱ ተነስቶ የሚያከብረው ይመስላል። ለፈረሱ ይዘምራል። ለተዘጋ በር ይዘምራል። አንድ ጊዜ ለቀረበለት ሾርባ ሲዘምር ሾርባው እስኪቀዘቅዝ ጠብቀነዋል። እሱን ካየሁ በኋላ ዝም ብሎ የሚያወራ ሰው ሁሉ ሰነፍ ይመስለኝ ጀመር።

ሌላም ነበረ። ቀጭን፣ ፈገግታው ከጆሮ ጆሮ የሚደርስ፣ አነጋገሩ የሌላ አገር ሰው የሚመስል። ይኼኛው መሐል ላይ ያቆምና ወደ እኛ ዞሮ በአንድ ዓይኑ ይጠቅሳል። መጀመሪያ የጠቀሰ ቀን ከተቀመጥኩበት ብድግ አልኩ። አየን ማለት ነው። አባባ ምን እንዳደረጉ ታውቃላችሁ? መልሰው ጠቀሱት። ስትሮኩ የያዘው ወገን ስለማይታዘዝላቸው በደህናው ዓይናቸው፣ ቀስ አድርገው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ያ ሰውዬ ብቅ ሲል ሁለታችንም እንጠቅሳለን።

መዝሙር መሆኑን ለቅጽበት እንኳ አልተጠራጠርኩም። እንዴት ልጠራጠር? እኔ የማውቀው ሁለት ዓይነት ነገር ብቻ ነው። ዘፈን የሚባለው በመኪና ስናልፍ ከሬስቶራንቶቹ በር የሚወጣው፣ ትከሻ የሚያንቀጠቅጠው፣ እማዬ መስኮት የምትዘጋበት ነው። መዝሙር ደግሞ ቀጥ ብሎ ቆሞ፣ እጅን ልብ ላይ አድርጎ፣ ዓይንን ወደ ላይ አንጋጦ ነው። ሻምበል ሦስቱንም ያሟላል። የሳን ሆዜ መዘምራኖቻችን እንኳ እንደሱ አያንጋጥጡም። ወደ ላይ የሚያየው ልዕልቲቱ ሰገነት ላይ ስለቆመች ነው የሚለው ሐሳብ በፍጹም አልመጣልኝም። እንግሊዝኛውንም እሰማለሁ፤ ውዴ፣ ልቤ፣ ያላንተ መኖር አልችልም ዓይነት ነገር ነው። ታዲያ እኛስ በየእሁዱ ምንድን ነው የምንለው?

መሳሳማቸውም ቢሆን አላስጨነቀኝም። በተቀደሰ አሳሳም ሰላም ተባባሉ የሚለውን በሰንበት ትምህርት ተምሬዋለሁ። ከአምልኮ በኋላ እህቶች ጉንጭ ለጉንጭ ሲሳሳሙ ግማሽ ሰዓት ይፈጃሉ። የሻምበል ቤተ ክርስቲያን በከንፈር ከሆነ ይሁን ብዬ አለፍኩት።

ያም ሆኖ አባባ ላይ የሆነውን ነው ማንሳት የምፈልገው። መጀመሪያ የጀመረው በጣታቸው ነው። ሻምበል ሲዘምር የግራ እጃቸው ጣት የወንበሩን ክንድ መታ መታ ያደርግ ጀመር፣ ያውም ዜማውን ሳይስት። በሳምንቱ ከጉሮሯቸው የሆነ ነገር ተሰማ። ፍሪጁ የሚያጉረመርም መስሎኝ ነበር። ጠጋ ብዬ ሳዳምጥ አባባ ናቸው፤ አፋቸውን ዘግተው ከሻምበል ጋር ያንጎራጉራሉ። ድምፃቸውን ሳውቀው የመጀመሪያዬ ነው። ወፍራም፣ ሞቅ ያለ፣ ከታች የሚመጣ ድምፅ ነበር። ወንበሩ ሥር ተጠግቼ ጀርባዬን እግራቸው ላይ ሳሳርፍ ዜማው በጀርባዬ ይገባል። እንዳልረብሸው ትንፋሼን ውጬ እቀመጥ ነበር።

ሻምበል ሲጀምር ከወጥ ቤት የውሃው ድምፅ ይቆማል። ያን ሰመር ድርቅ ነው፣ ውሃ ቆጥቡ ይባል ስለነበር እናቴ ጥሩ ዜጋ ናት ብዬ ኮራሁባት።

ከሁሉ የምንወደው አንድ መዝሙር ነበር። ልዕልቲቱ ተቆጥታ መስኮቷን ዘግታለች። ሻምበል ከታች፣ አትክልቱ ውስጥ ቆሟል። ይቅርታ ሊጠይቅ አስቦ መጥቶ ቃሉ ጠፋበት። ምን ያድርግ? ስሟን ብቻ ጠራ። ሌላ ምንም። አንዴ በዝቅታ፣ ሁለተኛ ከፍ አድርጎ፣ ሦስተኛ ሰማይ ላይ አውጥቶ። ሦስተኛው ላይ መስኮቱ ይከፈትና ልዕልቲቱ ረጅሙን መልስ ትሰጠዋለች። የሷ ድምፅ ከመቅጠኑ የተነሳ እኔ አልደርስበትም፤ የእሱን ድርሻ ግን ገላዬን ስታጠብ ሳይቀር እለው ነበር።

የዓለምን ሕግ ያገኘሁት እዚያ ነው። ሰው መናገር ሲያቅተው ይዘምራል። ንግግር ሲያልቅ የሚቀጥለው ዜማ ነው። ትልልቅ ሰዎች ይህን እያወቁ አባባን ለምን በወሬ እንደሚያስጨንቋቸው አልገባኝም።

ጋሽ ኤልያስ የመጡት አንድ ቅዳሜ ነው። ጋሽ ኤልያስ ከቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች አንዱ ናቸው፤ አባባን ለመጠየቅና ለመጸለይ ከሳን ሆዜ ድረስ የሚነዱ፣ ሲመጡም ከጓሯቸው ብርቱካን በላስቲክ ሞልተው የሚመጡ ደግ ሰው። እንግዳ ሲመጣ የክብር ዕቃ እንደሚወጣ ሁሉ እኔም የኛን ላሳያቸው ፈለግኩ።

"ጋሽ ኤልያስ፣ ዩ ሃቭ ቱ ሲ ዚስ። የአባባ መዝሙር" ብዬ ከፈትኩላቸው።

ያወጣሁት ፊልም ደግሞ መጠጥ ቤት ያለበት ሆነ። ሻምበልና ወታደሮቹ ብርጭቆ አንስተው እየዘመሩ ነው። ጋሽ ኤልያስ አንድ ብርቱካን እንደያዙ ተመለከቱ። ቀጥሎ ልዕልቲቱ መጣች፣ ሻምበል አቀፋት፣ ተሳሳሙ። አሳሳማቸው ያን ዕለት ከወትሮው የረዘመ መሰለኝ። ጋሽ ኤልያስ ምንጣፉን ማየት ጀመሩ።

"እህት ሙሉ" አሉ ወደ ወጥ ቤቱ በር ዞር ብለው። እማዬ ፎጣ ይዛ ቆማለች። "ይሄ እኮ ዘፈን ነው።"

"ኦልድ ሙቪ ነው ብዬ ነው እንጂ…" አለች እማዬ።

"አውቃለሁ፣ ክፉ አስበሽ አይደለም። እንዲዝናኑ ብለሽ ነው። ግን አባባ የስንት መዘምራን አባት ናቸው። አሁን መምረጥ በማይችሉበት ሰዓት ለጆሯቸው የምንመርጥላቸው እኛ ነን።"

አልጮኹም፣ አልገሠጹም። ተነስተው እጃቸውን አባባ ራስ ላይ ጭነው ረጅም ጸሎት ጸለዩ። ሲጨርሱ አባባ "ይሁን" አሉ። ጋሽ ኤልያስ እንደ አሜን ተቀበሉት። እኔ ግን ከፀጉሬ ጉዳይ ወዲህ ያን ቃል መለየት ጀምሬያለሁ። አባባ አሜን አላሉም።

እንግዳው ሲሄዱ እማዬ ፊልሞቹን ካርቶኑ ውስጥ ከተተችና ቁም ሳጥኑ አናት ላይ ሰቀለችው። እኔ ተከትያት እየዞርኩ ተሟገትኩ።

"ሂ ኢዝ ኖት ዘፋኝ፣ ማሚ።"

"ነው የኔ ልጅ።"

"ሀው ዱ ዩ ኖው? አንቺ አላየሽውም። ዩ ወር ኢን ዘ ኪችን።"

"አውቃለሁ አልኩሽ እኮ" አለች። ፊቷን ግን ወደ እኔ አላዞረችም።

ዘፋኝ ማለት ለእኔ ሬስቶራንቱ በር ላይ ፖስተሩ የሚለጠፈው፣ ሌሊትም መነጽር የማያወልቀው ሰውዬ ነው። ሻምበልን ከዚያ ሰውዬ አጠገብ ማቆም አቃተኝ። ያን ማታ አልጋዬ ላይ ሆኜ እግዚአብሔርን አጥብቄ ጠየቅኩት። መልሱን ባልሰማም ሻምበልን እንደማይጠላው ተሰማኝ። እንደዚያ የሚያንጋጥጥ ሰው ማን ይጠላል?

ከዚያ በኋላ ቤቱ ጭር አለ። አባባ የጠፋውን ቴሌቪዥን እያዩ ይውላሉ። ጣታቸው ቆመ። ማንጎራጎሩ ቀረ። ይባስ ብሎ "ይሁን" ማለትም ተዉ። እማዬ "አባባ፣ ይብሉ እንጂ። እባክዎ፣ ለእኔ ሲሉ" እያለች በማንኪያ ትለምናለች። አንዳንዴ ከሥራ ስትገባ ጫማዋን ሳታወልቅ ፊታቸው ተንበርክካ "ሙሌ መጣች፣ አባባ። ሙሉነሽ" ትላለች፤ ስሟን ለራሷ ታቀብላቸዋለች። እሳቸው አፋቸውን ከፍተው ይታገላሉ። ግንባራቸው ላይ ላብ ይወጣል። ምንም አይመጣም።

ሕጉን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። ሻምበል ካርቶን ውስጥ ቢታሰርም ዜማው እኔ ጋ አለ። ሰኞ ጠዋት አባዬ ሲያንኮራፋ ጠብቄ፣ በርጩማዬን ስቤ አባባ ፊት ተቀመጥኩ። ያ የአትክልቱ መዝሙር ስም ብቻ ነው የሚፈልገው። የልዕልቲቱን ስም አውጥቼ የእናቴን አስገባሁበት። ገባ። እንደተሰፋለት ልብስ ልክክ አለ።

"አባባ፣ ዶንት ቶክ። ሲንግ" አልኳቸው፤ አይናገሩ፣ ይዘምሩ። "ሙ… ሉ… ነሽ።"

አባባ አዩኝ። ግራ እጃቸው ተንቀሳቀሰ። አፋቸውን ከፈቱ፣ ዜማውን ከትክክለኛው ቦታ ጀመሩ፣ አንድም ሳያዛንፉ፦

"ይ… ሁ… ን።"

ሳቄ አፈተለከ። እሳቸውም ከት ብለው ሳቁ። ሲስቁ የሚስቀው አንዱ የፊታቸው ወገን ብቻ ነው፤ ለእኔ ግን ይበቃኝ ነበር። እንደገና ሞከርን። ይሁን። በዝቅታው ይሁን፣ በመካከለኛው ይሁን፣ ሰማይ ላይ በሚወጣውም ይሁን። ሳምንቱን ሙሉ እንዲህ ሆነ። ማክሰኞ ሳቅን፣ ረቡዕ መሳቁን ተውን። ዓርብ ዕለት አባባ ጀምረው መሐል ላይ አቆሙና በእጃቸው ራሴን ዳበስ አድርገው ፊታቸውን አዞሩ። በቃኝ ማለታቸው ነበር። ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ምንም ቃል ገባኝ። ሕጉ ለሻምበል ብቻ የሚሠራ ሊሆን ይችላል ብዬ አሰብኩ።

ቅዳሜ ማታ ማታ እማዬ አባባን ትላጫቸዋለች፤ እሁድ ቤተ ክርስቲያን ጺማቸው አድጎ እንዳይታዩ። መታጠቢያ ቤት ውስጥ የላስቲክ ወንበር ላይ ታስቀምጣቸዋለች፣ አንገታቸው ላይ ፎጣ ታደርጋለች፣ ፊታቸውን በአረፋ ትሸፍናለች። የእኔ ሥራ የገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጬ ሙቅ ውሃ ያለበትን ኩባያ መያዝ ነው። ያን ቀን እማዬ የሰው ሺፍት ደርባ ስለሠራች ቆማ እንቅልፍ ሊወስዳት ምንም አልቀራት። አንድ ጉንጭ ጨርሳ ወደ ሁለተኛው አልፋለች። ውሃው እየሞቀ መስታወቱን አደብዝዞታል፣ ክፍሉ በሳሙና ሽታ ተሞልቷል።

ሳላስበው ማንጎራጎር ጀምሬያለሁ። የአትክልቱን።

"ቤቲ" አለችኝ እማዬ፣ በድካም እንጂ በቁጣ አልነበረም።

አቆምኩ።

ዜማው ግን አልቆመም። እኔ ከጣልኩበት አንስቶ፣ በወፍራም ድምፅ፣ ከአረፋው ሥር ቀጠለ። እማዬ ምላጩን ከጉንጫቸው ላይ አነሳች። አባባ ዓይናቸውን ጨፍነዋል። ዜማው ስሙ ወደሚጠራበት ቦታ እየቀረበ ነው። እኔ ኩባያውን ደረቴ ላይ አጥብቄ ይዤ፣ ይሁን ነው የሚመጣው፣ ይሁን ነው እያልኩ ልቤን አስቀድሜ አጽናናዋለሁ።

"ሙ…" አሉ አባባ። "ሉ… ነሽ።"

"አቤት" አለች እናቴ።

አስባ አይደለም ያለችው። ከልጅነቷ ጀምሮ በጠሯት ቁጥር እንደምትለው ነው አፏ ላይ የመጣው። ቃሏን ከሰማች በኋላ ነው የሆነው ነገር የገባት። ማጠቢያውን ያዘች። አባባ ሁለተኛውን ከፍ አድርገው ጠሩ። ሙሉነሽ።

"አቤት፣ አባባ። አቤት። እዚህ ነኝ።"

ሦስተኛው ሰማይ ላይ የሚወጣው ነው። የአባባ ድምፅ እዚያ አይደርስም፤ ሲወጣ ተሰነጠቀ፣ ተንቀጠቀጠ፣ ግን ወጣ። ሙሉነሽ። ከመታጠቢያ ቤታችን ትንሽ መስኮት አልፎ፣ በጥፍር ቤቱ ጣሪያ ላይ፣ ቴሌግራፍን ተሻግሮ የሄደ መሰለኝ። ከዚያ ዓይናቸውን ገልጠው እሷን ያያሉ።

አሁን መስኮቱ የሚከፈትበት ቦታ ነው። ልዕልቲቱ የምትመልስበት። ያንን ለማንም አላስተማርኩም፤ እኔ ራሴ አልችለውም።

እናቴ ምላጩን አስቀመጠች። ጀርባዋን ቀና አደረገች። ከዚያ የልዕልቲቱን መልስ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ ከነእንግሊዝኛው፣ ውዴ የሚለውንም ልቤ የሚለውንም ሳትዘል፣ አንዲት ቃል ሳትስት ዘፈነችላቸው። እንባዋ በአገጯ እየወረደ ነበር፣ ድምፅዋ ግን አልተናወጠም። አባባ በግራ እጃቸው የወንበሩን ጠርዝ መታ መታ እያደረጉ መሯት። እኔ ገንዳው ጠርዝ ላይ ሆኜ አፌን ከፍቼ ቀረሁ። ኩባያው እግሬ ላይ ፈስሷል፤ አልተሰማኝም።

ስትጨርስ እማዬ ፊቷን በክንዷ ጠርጋ ምላጩን አነሳችና፣ አገጭዎን ከፍ ያድርጉ አባባ አለቻቸው። እሱንም በዜማ ነው ያለችው። አባባ አገጫቸውን ከፍ አደረጉላት።